መርፌውና ዘሩ ለየብቻ ይመዘኑ

«ዘረመሉ የተቀየረ» የሚለው ነገር ከዓመት ወደ ዓመት በየቤቱ ይበልጥ እየተሰማ ነው። አንዱ ስለ በቆሎ ዘር ያወራል፣ ሌላው ስለ ክትባት፣ ሦስተኛው ከውጭ ስለሚገባ ዘይት። ወሬው ተደበላልቆ ጆሯችን ሲደርስ ሁሉም አንድ ነገር ይመስለናል፤ ውሳኔያችንም አንድ ይሆናል፦ «መራቅ ነው የሚሻለው!» ችግሩ፣ ከምንርቃቸው ነገሮች አንዱ የልጅ ነፍስ የሚያቆይ መድኃኒት ሊሆን መቻሉ ነው።

በጋይንት፣ በስማዳና በእስቴ በነርስነት ሳገለግል ይህን ፍርሃት በቅርብ አይቻለሁ። አንዲት አያት የስኳር ሕመም የተገኘበትን የልጅ ልጃቸውን ይዘው መጥተው፣ ኢንሱሊን መወጋት እንዳለበት ስነግራቸው ዝም ብለው ቆዩና፦ «ልጄ፣ ይኼ መድኃኒት ዘር እየነካኩ የሚሠሩት ነው ይባላል። ልጁን አይለውጥብኝም?» ሲሉ ጠየቁኝ። ጥያቄያቸው የአላዋቂ ጥያቄ አልነበረም። መድኃኒቱ በእርግጥም በዘረመል ምህንድስና የሚሠራ ነው። ስለዚህ «ዝም ብለሽ ውሰጂ» ከማለት ይልቅ መልስ ይገባቸዋል። ብዙ ወላጆችና አያቶችም ያንኑ መልስ ስለሚፈልጉ ዛሬ ዘርዘር አድርጌ ላቅርበው።

ዘረመል ሲባል

በሰው፣ በእንስሳ፣ በእህል፣ በእርሾም ሳይቀር በእያንዳንዱ ሕዋስ ውስጥ ዲኤንኤ የሚባል ረጅም ክር መሳይ ነገር አለ። ዘረመል (ጂን) የምንለው የዚያ ክር አንድ ቁራጭ ነው። ሥራው ለሕዋሱ አንድን ነገር፣ ለምሳሌ አንድን ፕሮቲን፣ እንዴት እንደሚሠራ ማዘዝ ነው።

ገበሬዎቻችን ዘረመልን በስሙ ባይጠሩትም ሲመርጡት ኖረዋል። ጉና ሥር ያለ ገበሬ ውርጭ ያልመታውን፣ ፍሬው የሞላውን ገብስ ለይቶ ለዘር ሲያስቀምጥ የሚመርጠው ዘረመልን ነው። የዘረመል ምህንድስና ግን ከዚህ የተለየ ነው። አንድን ዘረመል ለይቶ ወደ ሌላ ሕያው ነገር ያስገባል፤ አንዳንዴም ፈጽሞ ዝምድና ወደሌለው። በዚህ መንገድ የተለወጠው ሕያው ነገር በአገራችን ሕግ «ልውጥ ሕያው» ይባላል።

ኢንሱሊን ከየት ይመጣል?

ኢንሱሊን ጤነኛ ሰው በቆሽቱ ውስጥ የሚያመርተው ንጥረ ነገር ነው። ያለ እሱ የበላነው ምግብ ወደ ጉልበት ሳይለወጥ በደም ውስጥ ስኳር ሆኖ ይከማቻል። እ.ኤ.አ. በጥር 1922 ካናዳ፣ ቶሮንቶ ውስጥ አንድ የ14 ዓመት ልጅ ለመጀመሪያ ጊዜ ኢንሱሊን ተወጋ፤ ከዚያ በኋላም 13 ዓመት ኖረ። ከዚያ በፊት ኢንሱሊን ማምረት ያቆመ ልጅ ብዙ አይቆይም ነበር።

ለ60 ዓመት ያህል መድኃኒቱ የሚወጣው ከታረዱ ከብቶችና አሳማዎች ቆሽት ነበር። ጥቂት ኢንሱሊን ለማግኘት የብዙ እንስሳት ቆሽት ይፈልግ ነበር። አንዳንድ ሕመምተኞችም የእንስሳው ኢንሱሊን ቆዳቸውን ያሳብጥባቸው ነበር። አሳማ ለማይበላ ክርስቲያንም ሆነ ሙስሊም ጉዳዩ ቀላል አልነበረም።

እ.ኤ.አ. በ1978 ካሊፎርኒያ የሚገኙ ተመራማሪዎች የሰውን ኢንሱሊን የሚያሠራውን ዘረመል በቤተ ሙከራ አዘጋጅተው ባክቴሪያ ውስጥ አስገቡ። ባክቴሪያውም የሰውን ኢንሱሊን ማምረት ጀመረ። በ1982 አሜሪካ መድኃኒቱ ለሕሙማን እንዲሰጥ ፈቀደች። ዛሬ ኢንሱሊን የሚመረተው በባክቴሪያ ወይም ዳቦ በሚያቦካው የእርሾ ዓይነት ነው።

ለእኒያ አያት የሰጠኋቸው መልስ ይህ ነው። የተለወጠው ባክቴሪያው ወይም እርሾው ነው፤ እሱም ፋብሪካው ውስጥ ይቀራል። ብልቃጡ ውስጥ ያለው ተጣርቶ የወጣው ኢንሱሊን ብቻ ነው። ኢንሱሊን ፕሮቲን እንጂ ዘረመል አይደለም። ሰውነት ገብቶ ሥራውን ይሠራል፣ ከሰዓታት በኋላ ይፈራርሳል። የልጁን ዘረመል አይነካም፤ ነገ ወደሚወልዳቸው ልጆችም አይተላለፍም።

ረሃብ ያለፈበት አገር የስኳር ሕመም

ብዙ ሰው ስኳር ሕመምን የሀብታምና የወፍራም ሰው በሽታ አድርጎ ያያል። በእኛ አካባቢ ግን ሌላም መልክ አለው። የጎንደር ዩኒቨርሲቲ ሆስፒታል ሐኪሞች፣ እነ ዶክተር ሽታዬ ዓለሙ፣ ከእንግሊዝ ባልደረቦቻቸው ጋር እ.ኤ.አ. በ2009 ባሳተሙት ጥናት አንድ አሳሳቢ ነገር አሳይተዋል። ከገጠር የሚመጡት ኢንሱሊን የሚያስፈልጋቸው ሕሙማን አብዛኞቹ ቀጫጭኖች፣ ድሆችና ወንዶች ነበሩ። ጥናቱ በልጅነት የደረሰ የምግብ እጥረት ከዚህ ጋር ግንኙነት ይኖረው እንደሆነ ጠየቀ። ዓለም አቀፉ የስኳር ሕመም ፌዴሬሽንም በ2017 ዓ.ም. ከምግብ እጥረት ጋር የተያያዘውን የስኳር ሕመም «ዓይነት አምስት» ብሎ በይፋ እውቅና ሰጥቶታል።

የጋይንትንና የስማዳን ሰው ስለ ድርቅ መንገር አያስፈልግም። ከነፋስ መውጫ እስከ አርብ ገበያ፣ ከወገዳ እስከ በሽሎ ሸለቆ፣ የ1977ቱን ዘመን ያላሳለፈ ቤት የለም። ከዚያም ወዲህ በእርዳታ እህል ያደጉ ልጆች አሉ። ስለዚህ ልጁ ወይም ጎልማሳው ከሳ ማለት «ስኳር ሊሆን አይችልም» ማለት አይደለም።

ወላጆች እነዚህን ምልክቶች ልብ ይበሉ፦ ልጁ ውኃ ከልክ በላይ ይጠጣል፤ ሽንቱ ይበዛል፤ ሌሊት መሽናት ያቆመ ልጅ እንደገና ይጀምራል፤ እየበላ ይከሳል፤ ይደክመዋል። ማስመለስ፣ ቶሎ ቶሎ መተንፈስና የአፍ ጠረን መለወጥ ከተጨመረ ግን አንድ ቀን እንኳ አይታደርም፤ በቃሬዛም ቢሆን ወደ ጤና ተቋም መድረስ አለበት።

ኢንሱሊን የጀመረ ሰው ደግሞ በራሱ ፈቃድ አያቋርጥ። ጸበል የሚጠመቅም፣ ዱዓ የሚያስደርግም መርፌውን ሳይተው ያድርገው። ጾም ከመጀመሩ በፊት የሚከታተለውን ባለሙያ ያማክር፤ ኢንሱሊን ተወግቶ ሳይበሉ መዋል አደገኛ ነውና። ካላበው፣ ካንቀጠቀጠው ወይም ግራ ከተጋባ፣ መዋጥ እስከቻለ ድረስ ወዲያው ስኳር በውኃ ወይም ማር ይሰጠው።

ፍሪጅ የሌለበት ቤት መድኃኒቱን ማኖር ይቻላል። በትልቅ ማሰሮ ውስጥ ትንሽ ማሰሮ አስቀምጡ፤ በመካከላቸው አሸዋ ሙሉና በየቀኑ አርጥቡት። ብልቃጡን በላስቲክ ጠቅልላችሁ ከውስጠኛው ማሰሮ አኑሩና ከድኑት፤ ጥላ ቦታም ይሁን። የተከፈተ ብልቃጥ በዚህ ሁኔታ አራት ሳምንት ያህል ይቆያል። ደጋ ላይ ደግሞ ሌላ ጥንቃቄ አለ። ውርጭ በሚጥልበት ሌሊት ደጅ አድሮ የበረደ፣ በረዶ የሆነ ኢንሱሊን ቢቀልጥም አይሠራምና ይጣል።

ክትባቶቹስ?

የ6፣ የ10 እና የ14 ሳምንት ሕፃናት ጭናቸው ላይ የሚወጉት አምስት በሽታ የሚከላከል ክትባት በአገራችን የተጀመረው በ1999 ዓ.ም. ነው። ከአምስቱ አንዱ ጉበትን የሚያጠቃውን ሄፓታይተስ ቢ ይከላከላል። ይህ ክፍሉ እንደ ኢንሱሊኑ በተለወጠ እርሾ የሚመረት ነው። በውስጡ ያለው የቫይረሱ የላይኛው ሽፋን ፕሮቲን ብቻ ስለሆነ በሽታውን ሊያስይዝ አይችልም።

በ2011 ዓ.ም. ለ14 ዓመት ልጃገረዶች መሰጠት የጀመረው የማሕፀን በር ካንሰር መከላከያም በዚሁ ጥበብ የተሠራ ነው። «መካን ያደርጋል» የሚል ወሬ ተነዝቶበት ነበር። ክትባቱ ግን የቫይረሱን ቅርፊት የሚመስል ባዶ ነገር እንጂ ዘረመል አልያዘም፤ ማሕፀንን የሚነካም አይደለም። ይልቁንም የማሕፀን በር ካንሰር ዘግይቶ የተገኘባት እናት ስትሰቃይ ያየ ሰው ሴት ልጁን ከክትባቱ አያስቀርም።

ዘር ላይ ሲሆን ሚዛኑ ይለያል

እስካሁን ያልኩትን ይዞ «እንግዲያው ልውጡ ዘርም ይምጣ» የሚል ሰው ቢኖር ግን ቆም በል እለዋለሁ። የመርፌው ጥቅም ለዘሩ ምስክር ሊሆን አይችልም።

ኢንሱሊን የሚያመርተው ባክቴሪያ በተዘጋ ጋን ውስጥ ይኖራል፤ ሥራው ሲያልቅ ይገደላል። ዘር ግን ይዘራል፣ ያብባል፣ ያፈራል። የበቆሎ ብናኝ በነፋስ ወደ ጎረቤት ማሳ ይሄዳል። ገበሬው ካፈራው ቀንሶ ለከርሞ ያስቀምጣል፣ ለዘመድ ያበድራል፣ ገበያ ያወጣል። ከተሳሳቱ መልሶ መሰብሰብ ያስቸግራል።

ይህን ለዓለም አጥብቀው ከተናገሩት አንዱ ኢትዮጵያዊ ናቸው። ዶክተር ተወልደ ብርሃን ገብረ እግዚአብሔር የአፍሪካ አገሮችን ተደራዳሪዎች መርተው ባደረጉት ክርክር፣ ልውጥ ሕያዋን ከአገር አገር ሲዘዋወሩ ተቀባዩ አገር አስቀድሞ እንዲያውቅና እንዲወስን የሚያደርገው የካርታኼና ፕሮቶኮል በጥር 1992 ዓ.ም. ሞንትሪያል ላይ ጸደቀ። አገራችንም የደኅንነተ ሕይወት አዋጅ ቁጥር 655/2001ን አወጣች። ሕጉ ለምርምር እጅግ ጠባብ ነው ተብሎ በአዋጅ ቁጥር 896/2007 ላላ ተደረገ። በ2010 ዓ.ም. ደግሞ ልውጥ ጥጥ ለእርሻ ተፈቀደ። ድርቅና ተባይ ይቋቋማል የተባለ ልውጥ በቆሎም መልካሳ በሚገኘው የምርምር ማዕከል በተከለለ ማሳ ላይ ተሞክሯል።

ጥጡ ውስጥ የገባው ዘረመል ከአፈር ባክቴሪያ የተወሰደ ነው፤ የጥጥ ፍሬ የሚበላውን ትል ይገድላል። ጥቅሙ ግልጽ ነው፤ ገበሬው የሚረጨው መርዝ ይቀንሳል። በፀረ ተባይ መርዝ ተመርዞ፣ አረፋ እየደፈቀ የሚመጣ ሰው ተቀብሎ የሚያውቅ የጤና ባለሙያ ይህን ጥቅም አይንቀውም።

ጉዳቱም ከሌሎች አገሮች ታይቷል። ሕንድ ውስጥ አንደኛው የጥጥ ትል ከጥቂት ዓመታት በኋላ ልውጡን ጥጥ ለመደውና መብላት ጀመረ፤ ገበሬውም ወደ መርጨት ተመለሰ። ቡርኪና ፋሶ ልውጥ ጥጥ እ.ኤ.አ. በ2008 ጀምራ ነበር። የጥጡ ክር አጠረና ጥራቱ ስለወረደባት በ2016 ወደ ቀድሞው ዘር ተመለሰች። አንድ ዘር ሌላ አገር መሥራቱ ለእኛ ማሳና ለእኛ ገበያ በቂ ማስረጃ እንደማይሆን ከዚህ እንማራለን።

መብላቱስ ያሳምማል ወይ? የአሜሪካ ብሔራዊ የሳይንስ አካዳሚዎች እ.ኤ.አ. በ2016 የብዙ ዓመታት ጥናቶችን መርምረው፣ በገበያ ላይ ያሉት ልውጥ ምግቦች ከሌላው ምግብ የበለጠ ጤና እንደሚጎዱ የሚያሳይ ማስረጃ እንዳላገኙ ገልጸዋል። ይህ ማለት ግን ወደፊት የሚሠራው ሁሉ ሳይመረመር ይበላ ማለት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1996 ከብራዚል ለውዝ ዘረመል የተጨመረበት አኩሪ አተር ሲመረመር፣ ለውዙ አለርጂ የሚሆንባቸውን ሰዎች እንደሚያሳምም ታወቀ። ገበያ ሳይወጣም ቀረ። ያዳናቸው ምርመራው ነው።

ለድንች አምራቹ ላይ ጋይንት ቅርብ የሚሆን ምሳሌም አለ። በክረምት ደመናና እርጥበት ሲበረታ የድንቹን ቅጠል አጥቁሮ ማሳውን በቀናት ውስጥ የሚያደርቀውን በሽታ ገበሬው ያውቀዋል። ኡጋንዳ ውስጥ ተመራማሪዎች ከድንች የዱር ዘመዶች ሦስት ዘረመሎች ወስደው ገበሬው በሚወደው አንድ የድንች ዝርያ ውስጥ አስገብተው ሞክረዋል፤ ድንቹ በሽታውን ሲቋቋም ታይቷል። ከድንች ወደ ድንች የሄደ ዘረመልና ከባክቴሪያ ወደ በቆሎ የሄደ ዘረመል አንድ ዓይነት ጥያቄ አያስነሱም። «ልውጥ ነው» የሚለው ቃል ብቻውን ብዙ አይነግረንም የምለውም ለዚህ ነው።

ዘሩ የማን ነው?

ከጤናው ጥያቄ እኩል የባለቤትነቱ ጥያቄ ያሳስበኛል። የኢትዮጵያ ገብስ ለዓለም ብዙ ሰጥቷል። ከ80 ዓመት በላይ ቀደም ብሎ ከአገራችን በተሰበሰበ ገብስ ላይ የተገኘ አንድ ተፈጥሯዊ ዘረመል፣ ቅጠል ላይ እንደ ዱቄት የሚነሰነስ መሳዩን የሻጋታ በሽታ የሚቋቋም ሆኖ፣ ዛሬ በአውሮፓ በሚዘሩ በርካታ የገብስ ዝርያዎች ውስጥ ይገኛል። እ.ኤ.አ. በ2014 ቻይናውያን ተመራማሪዎች ያንኑ ዓይነት ለውጥ በዘረመል እርማት ስንዴ ላይ አስገኝተዋል። የዚያን ገብስ ዘር ሲመርጡና ሲያቆዩ የኖሩት የደጋ ገበሬዎች ስም ግን የትም አልተጻፈም።

በጤፍ የሆነውም ይታወቃል። አንድ የሆላንድ ኩባንያ በ1997 ዓ.ም. ከአገራችን ጋር ተዋውሎ ጤፍ ወሰደ፤ በጤፍ ዱቄት አዘገጃጀት ላይም የፈጠራ ባለመብት ነኝ አለ። ሄግ የሚገኘው ፍርድ ቤት መብቱን ውድቅ ያደረገው በኅዳር 2011 ዓ.ም. ነው። ነገሩ የዘረመል ምህንድስና ባይሆንም፣ ባለቤትነት በወረቀት ሲያዝ ምን እንደሚመስል አይተንበታል።

መድኃኒቱም ከዚህ አያመልጥም። የኢንሱሊን አግኚዎች እ.ኤ.አ. በ1923 የባለቤትነት መብታቸውን ለቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ በነፍስ ወከፍ በአንድ ዶላር ሸጡት። ዛሬ ግን የዓለምን የኢንሱሊን ገበያ አብዛኛውን የያዙት ሦስት ኩባንያዎች ናቸው። ዋጋው ሲንርና መንገድ ሲዘጋ መጀመሪያ የሚያልቅበት የወገዳው ሕመምተኛ ነው።

በሰው ዘረመል ላይ

አሁን ደግሞ የሰውን ዘረመል ራሱን ማረም ተጀምሯል። እ.ኤ.አ. በ2023 መጨረሻ እንግሊዝና አሜሪካ ማጭድ መሳይ የደም ሕዋስ ሕመምን የሚያክም የዘረመል እርማት ፈቅደዋል። ሕሙማኑን ከከባድ ስቃይ እያሳረፈ ነው፤ አሜሪካ ውስጥ ዋጋው ለአንድ ሰው 2.2 ሚሊዮን ዶላር ነው። ይህ እርማት በታካሚው የደም ሕዋሳት ላይ ስለሚቀር ለልጆቹ አይተላለፍም።

እ.ኤ.አ. በ2018 ግን አንድ ቻይናዊ ተመራማሪ ገና በፅንስ ደረጃ ዘረመላቸውን የነካካቸው መንትያ ሕፃናት መወለዳቸውን አስታወቀ። ሕፃናቱ አልተጠየቁም፤ ለውጡም ለልጅ ልጆቻቸው ሊተላለፍ ይችላል። ተመራማሪው ሦስት ዓመት እስራት ተፈርዶበታል። እኒያ አያት «አይለውጥብኝም?» ያሉት ስጋት እውነተኛ ቦታው እዚህ ነው፤ በኢንሱሊን ብልቃጥ ውስጥ የለም።

ምን እንጠይቅ?

በዘረመል ምህንድስና የተሠራ ነገር ሲቀርብላችሁ አራት ነገር ጠይቁ። የተለወጠው ምንድን ነው፣ ለምንስ? ለውጡ እዚያው ይቀራል ወይስ ይራባል፣ ይዛመታል? ማን መረመረው፣ ማንስ ፈቀደው? ይህን ባልጠቀም ምን አጣለሁ?

አራተኛው ጥያቄ ብዙ ጊዜ ይረሳል። ልውጥ ዘር የማይገዛ ገበሬ ያምናው ዘር ጎተራው ውስጥ አለ፤ መጠበቅ፣ የሌላውን ማሳ ማየት፣ የግብርና ባለሙያውን መጠየቅ ይችላል። ኢንሱሊን የሚያስፈልገው ልጅ ግን የሚጠብቅበት ጊዜ የለውም።

ስለዚህ አዲስ ዘር ሲመጣ አትቸኩሉ። የተሰጣችሁን ዘር ምንነት ጠይቁ፤ የአካባቢያችሁን ገብስና ጤፍ ሙሉ በሙሉ አትልቀቁ፤ ከየዓይነቱ ጥቂት ጥቂት ለይታችሁ አኑሩ። ቤታችሁ ውኃ የሚያበዛ፣ የሚከሳ ልጅ ካለ ግን የገበያ ቀን ሳትጠብቁ ነገ ጠዋት ወደ ጤና ጣቢያ ውሰዱት፤ በጣት ደም የስኳር ምርመራ ይደረግለት። ኢንሱሊን ከታዘዘለትም ከመሄዳችሁ በፊት የሚቀጥለውን ብልቃጥ መቼና ከየት እንደምታገኙ ጠይቃችሁ ተመለሱ።